በሳምንት 72 ሰዓት ሠርቼ 650 ዶላር ነበር የሚከፈለኝ፤ አሁን «ታረቅና ፈርም» እየተባልኩ ነው

የወጥ ቤቱ ሰው (ዋሽንግተን ዲሲ)

ሰላም ለሁላችሁ። ምክር ፈልጌ ነው የምጽፈው።

ዲሲ ውስጥ በአንድ የአበሻ ምግብ ቤት ወጥ ቤት ከሴፕቴምበር 2024 ጀምሮ እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ ሠርቻለሁ። በሳምንት ስድስት ቀን፣ ከጠዋቱ 3 ሰዓት እስከ ምሽቱ 3 ሰዓት። ሽንኩርት መክተፍ፣ ሥጋ መበለት፣ ሰሐን ማጠብ፣ ማታ ወለሉን መወልወል፤ ዓርብና ቅዳሜ ደግሞ ከዚያም ያመሻል። ክፍያው በየሳምንቱ 650 ዶላር በፖስታ ታሽጎ በጥሬ ገንዘብ ነበር። የክፍያ ወረቀት አይቼ አላውቅም።

የከተማው ዝቅተኛ የሰዓት ክፍያ ከ17 ዶላር በላይ እንደሆነ ያወቅሁት ከለቀቅሁ በኋላ ነው። ለባለቤቱ በስልክ መልእክት ጽፌ ብጠይቀው መልስ አልሰጠኝም፤ ይልቁንም ሁለት ሽማግሎች ደወሉልኝ። ሁለቱንም አከብራቸዋለሁ፣ አንድ ቤተ ክርስቲያን ነው የምንሳለመው። ሰውየው 2,000 ዶላር ሊሰጠኝ ፈቃደኛ ነው፤ በምላሹ «ከእንግዲህ ምንም ጥያቄ የለኝም» የሚል ወረቀት ልፈርም ነው።

እውነቱን ለመናገር ይህ ሰው አገሩን ሳላውቅ ማረፊያ ፈልጎ ያገኘልኝ ነው። በ650 ዶላር እሺ ብዬ የገባሁትም እኔው ነኝ። የመጀመሪያዎቹን ወራት ደግሞ የሥራ ፈቃዴ ገና አልደረሰም ነበር። ታዲያ የመጠየቅ መብት አለኝ? ብጠይቅስ በራሴ ላይ ጣጣ አላመጣም?

የአርሊንግተኗ አስተርጓሚ

ወንድሜ፣ ከሁሉ አስቀድሞ ያን ወረቀት አትፈርም። ሌላውን ተረጋግተን እንነጋገርበታለን።

እኔ ጠበቃ አይደለሁም። ነፃ የሕግ ምክር በሚሰጥባቸው ቦታዎች በአማርኛ አስተረጉማለሁ፤ ያንተን የመሰለ ጉዳይ ደጋግሞ ስለሚመጣ ጠበቆቹ የሚሉትን በልቤ ይዤዋለሁ። «ተስማምቼ ነው የገባሁት» ብለሃል። ዝቅተኛ ደመወዝ ሁለት ሰዎች ተስማምተው ዝቅ የሚያደርጉት ነገር አይደለም። በ1945 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የብሩክሊን ሴቪንግስ ባንክን ጉዳይ ሲወስን የተከራከረው ሰው የሕንፃ የሌሊት ጥበቃ ነበር። ሥራውን ከለቀቀ በኋላ ያልተከፈለው ሂሳብ ተሰጥቶት ሌላ ጥያቄ እንደሌለው ፈርሟል። ፍርድ ቤቱ ግን የ1938ቱ የፌዴራል የሠራተኞች ሕግ የሚሰጠውን ካሳ በዚያ ፊርማ እንዳላጣ ወሰነ። የዲሲ የደመወዝ ሕግም በግል ስምምነት እንደማይሻር ይደነግጋል። ይሁን እንጂ የፈረምከው ወረቀት ፍርድ ቤት ውስጥ ሌላ ክርክር ይከፍታል፤ ስለዚህ ጠበቃ ሳያየው ብዕር አታንሳ።

አሁን ወደ ሂሳቡ። ከጁላይ 2024 እስከ ጁን 2025 የዲሲ ዝቅተኛ ክፍያ በሰዓት 17.50 ነበር። የመጀመሪያው 40 ሰዓት 700 ዶላር ይሆናል። ከ40 በላይ ያለው 32 ሰዓት በአንድ ተኩል ይታሰባል፤ 26.25 በ32 ሲባዛ 840። ድምሩ 1,540 ዶላር። አንተ የተቀበልከው 650 ነው፤ በየሳምንቱ 890 ዶላር ቀርቶብሃል ማለት ነው። 40 ሳምንት ብቻ ብናስብ 35,600 ዶላር። ከጁላይ 2025 እስከ ጁን 2026 ያለው ደግሞ በ17.95 ነው የሚታሰበው። 2,000 ዶላሩን ከዚህ አጠገብ አስቀምጠህ እየው።

አንድ ነገር ልብ በል። በፌዴራሉ ዝቅተኛ ክፍያ፣ በሰዓት 7.25 ከሄድክ 72 ሰዓት ትርፍ ሰዓቱን ጨምሮ የሚያወጣው 638 ዶላር ብቻ ነው። ባለቤቱ ወይም የሂሳብ ሠራተኛው «ከሕጉ በላይ ነው የከፈልነው» ቢሉህ ይህንን ይዘው ነው። የከተማው ወይም የግዛቱ ሕግ ከፌዴራሉ ከበለጠ ለሠራተኛው የሚበልጠው ነው የሚሠራው። የሠራኸው ዲሲ ውስጥ ስለሆነ የዲሲው ይገዛል።

ስለ ሥራ ፈቃዱ፦ ለሠራኸው ሰዓት ደመወዝ የማግኘት መብትህ በመኖሪያ ወረቀትህ ላይ የተመሠረተ አይደለም። ይህ በፌዴራልም በዲሲም ያው ነው። የጥገኝነት ጉዳይ ካለህ ግን ማንኛውንም ቃል ከመስጠትህ በፊት ለኢሚግሬሽን ጠበቃህ ንገረው። ሁለቱ ጠበቆች መነጋገር አለባቸው።

ያገር ሰው

እኔ የተለየ ሐሳብ አለኝ። ማረፊያ ያገኘልህን፣ ማንም ባልቀጠረህ ጊዜ የቀጠረህን ሰው መክሰስ ያጎረሰን እጅ መንከስ ነው። እኔም እንደዚያው ሠርቼ ነው ሰው የሆንኩት። ደግሞ ይህ ከተማ ትንሽ ነው፤ ስምህ አንዴ ከተነሣ ነገ የሚቀጥርህ አበሻ አይኖርም።

የሌሊት ተረኛዋ (ሲልቨር ስፕሪንግ)

ያገር ሰው፣ «እኔም እንደዚያው ሠርቼ» ያልከው በጣም አሳዘነኝ። አንተም ተወስዶብሃል፤ የእሱ መወሰድ ያንተን አይመልስልህም። ማረፊያ ማግኘት ውለታ ነው፣ ውለታው ይመለሳል። ሲቸገር ትደርስለታለህ፣ ልጁ ሲሞሸር ትሄድለታለህ። የሰው ጉልበት ግን በውለታ ስም ለአንድ ዓመት አይወሰድም።

ከጉዳዩ ጋር ስለሚሄድ የራሴንም ልጠይቅ። ሜሪላንድ፣ ሞንጎመሪ ካውንቲ ውስጥ አረጋውያን በሚጦሩበት ቤት እሠራለሁ። ከምሽቱ 1 ሰዓት እስከ ጠዋቱ 1 ሰዓት፣ 12 ሰዓት ነው። የሚከፈለኝ የ8 ሰዓት ነው፤ ምክንያቱ «ሌሊት ትተኛለሽ» የሚል ነው። አንዲት እናት በየሁለት ሰዓቱ መገላበጥ አለባቸው፣ ሌላው አባት እየተነሡ በር ይከፍታሉ። ሶፋው ላይ ጋደም የምለው ጫማዬን ሳላወልቅ ነው። በዚያ ላይ ተቀጣሪ ሳይሆን በራስሽ የምትሠሪ ነሽ ተብዬ በዓመቱ መጨረሻ የሚሰጠኝ 1099 የሚባለው የግብር ቅጽ ነው።

የአርሊንግተኗ አስተርጓሚ

እህቴ፣ የፌዴራሉ ደንብ በዚህ ላይ ግልጽ ነው። ተረኛነትሽ ከ24 ሰዓት በታች ከሆነ፣ እንድትተኚ ቢፈቀድልሽም እንኳ ሰዓቱ በሙሉ የሥራ ሰዓት ነው። የእንቅልፍ ሰዓት ሊቀነስ የሚችለው ተረኛነቱ 24 ሰዓትና ከዚያ በላይ ሲሆን፣ ያውም ስምምነት ካለ፣ በቂ መኝታ ከተሰጠሽና አብዛኛውን ጊዜ ሳትቋረጪ መተኛት ከቻልሽ ነው። ያኔም ከ8 ሰዓት በላይ አይቀነስም። ያንቺ 12 ሰዓት ስለሆነ አራቱ ሰዓት ያንቺ ነው።

1099 መስጠት ብቻውን ሠራተኛን ነጋዴ አያደርግም። ፍርድ ቤት የሚያየው ሰዓትሽን ማን እንደሚወስን፣ ዋጋውን ማን እንደሚተምን፣ የራስሽ ደንበኛና መሣሪያ ይኑርሽ አይኑርሽ ነው። ተረኛ መሆንሽን በመልእክት የሚነግርሽ፣ ስትቀሪ የሚቆጣሽ ሰው ካለ ያንን መልእክት አታጥፊው።

የሜሪላንድ ዝቅተኛ ክፍያ 15 ዶላር ነው፤ ሞንጎመሪ ካውንቲ ግን የራሱ ከፍ ያለ ተመን አለው፣ እንደ ድርጅቱ የሠራተኛ ብዛት ይለያያል። 51 እና ከዚያ በላይ ሠራተኛ ላለው ከጁላይ 2025 እስከ ጁን 2026 ያለው 17.65 ነው። ስለዚህ የቤቱን ብቻ ሳይሆን ባለቤቱ ሌላ ቦታ ያሉትንም ቤቶች ሠራተኞች ቁጠሪ።

ባለ ምግብ ቤት

እኔ አሠሪ ነኝ፤ በዲሲ ምግብ ቤት አለኝ። ሁሉም ባለቤት እንዲህ እንደሆነ ተደርጎ ሲወራ ስለሚያመኝ ልጻፍ።

ወጥ ቤት ውስጥ ለሚሠሩት በሰዓት 17.95 እና ከዚያም በላይ እከፍላለሁ፣ በቼክ። በዚያ ላይ ከራሴ ኪስ 7.65 በመቶ የሶሻል ሴኩሪቲና የሜዲኬር ግብር እጨምራለሁ፤ የሥራ አጥ መድንና የሠራተኛ ጉዳት ዋስትናም አለ። የቤት ኪራዩ፣ የጤፉ ዋጋ፣ ምግብ አድራሽ ድርጅቶች የሚቆርጡት ኮሚሽን ሲደመር ትርፉ ስስ ነው። ከእኔ ሁለት መንገድ ዝቅ ብሎ ያለው ሰው ደግሞ ሠራተኛውን በፖስታ እየከፈለ በየዓይነቱን ከእኔ በአራት ዶላር ያረክሰዋል። ደንበኛው ወደ እሱ ይሄዳል። እናም ይህ ወንድም መብቱን ቢጠይቅ እኔንም እየጠቀመኝ ነው።

ሠራተኞች የማታስቡት ሌላም ጉዳት አለ። በፖስታ የሠራችሁባቸው ዓመታት ሶሻል ሴኩሪቲ ዘንድ የሉም። ለጡረታ 40 ነጥብ ያስፈልጋል፣ በዓመት ከአራት በላይ አይገኝም፤ ይህም ማለት ቢያንስ አሥር ዓመት በሕጋዊ መዝገብ መሥራት ነው። ስድሳ ዓመት ሞልቷቸው ምንም የሌላቸውን እናቶች በዓይኔ አይቻለሁ። ዕድሜያቸውን ሙሉ ምጣድ ፊት ቆመው ያሳለፉ ናቸው።

ባለ ሁለት ልጆች

አስተናጋጅ ነኝ። የምግብ ቤታችን ባለቤት ከጉርሻው ለራሱ አምስተኛውን ያነሣል፤ «ገንዘብ ተቀባዩም እኔ ነኝ» ይላል። ይቻላል?

የአርሊንግተኗ አስተርጓሚ

አይቻልም። ከ2018 ጀምሮ የፌዴራሉ ሕግ ባለቤትም ሆነ ሥራ አስኪያጅ የሠራተኞችን ጉርሻ ለራሳቸው እንዳይወስዱ ከልክሏል። ሙሉ ደመወዝ የሚከፍል ቢሆን እንኳ ያው ነው። በካርድ የተከፈለው ጉርሻ ከባንክ ማሽኑ ስለማይጠፋ ለማረጋገጥም ቀላል ነው። የተሰበረ ብርጭቆና የጎደለ ሂሳብ እየተባለ የሚቆረጠውም ደመወዝሽን ከዝቅተኛው በታች ካወረደው ሕገ ወጥ ነው።

ሽበታሙ

ልጄ የወጥ ቤቱ ሰው፣ እኔ በዚህ ከተማ ብዙ ዘመን የኖርኩና በብዙ ጠብ መሀል የገባሁ ሰው ነኝ። ሽምግልናን እንደ ነውር አትዩት። ፍርድ ቤት ሁለት ዓመት ሊወስድ ይችላል፤ በዚያ መሀል ሰውየው ቤቱን ዘግቶ ኩባንያውን በሌላ ስም ቢከፍት ምን ይዘህ ትቀራለህ? እርቅ ቶሎ ያልቃል፣ ቂምም አያተርፍም።

የአርሊንግተኗ አስተርጓሚ

ጋሼ፣ እርስዎን በአክብሮት ነው የምመልስልዎት። ኩባንያውን መዝጋት ባለቤቱን አያድነውም። በፌዴራሉ ሕግ አሠሪ የሚባለው ድርጅቱ ብቻ አይደለም፤ የሚቀጥረው፣ የሚያባርረው፣ ሰዓትና ደመወዝ የሚወስነው ሰው በግሉ ይጠየቃል። ፖስታውን በእጁ ሲሰጥ የነበረው ሰው ተጠያቂ የሚሆነውም በዚህ ነው።

ሽምግልናውን አልጠላሁትም። ቅር ያለኝ ሽማግሎቹ ልጁ ስንት ሰዓት እንደሠራ ሳይጠይቁ በተቆረጠ ዋጋ መምጣታቸው ነው። የጠያቂው ቃል ሳይሰማ የተላኩት አንዱ ወገን በሰጣቸው ቁጥር ነው። በአገራችንም ሽማግሌ ግራ ቀኙን ሳይሰማ አይፈርድም።

ደግሞ ጊዜው ይሮጣል። የፌዴራሉ ክስ በሁለት ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት፤ አሠሪው ሆን ብሎ መጣሱ ከታየ ሦስት ዓመት ይሆናል። በዲሲ ሦስት ዓመት ነው። «ከበዓል በኋላ እንነጋገራለን»፣ «ሰውየው አገር ቤት ሄዷል» እየተባለ አንድ ወር ባለፈ ቁጥር ከኋላ ያለው አንድ ወር ሊጠፋ ይችላል።

ሽበታሙ

ሂሳቡ ሳይቀርብ መሸምገል ትክክል አይደለም፣ እሱን እቀበላለሁ። እኔ ብሆን ኖሮ ባለቤቱን «የሰዓት መዝገብህን አምጣ» ነበር የምለው። ግን ልጁ እኛን ጥሎ በቀጥታ ወደ መንግሥት ቢሄድ ቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ የሚሆነውን እኔ ነኝ የማውቀው። አሁንም ሐሳቤ ያው ነው።

ከአዲስ አበባ

ውይይታችሁን እዚህ ሆኜ እየተከታተልኩ ነው። ሰው ለምን «ተስማምቼ ነው የገባሁት» እንደሚል ከእኛ በላይ የሚያውቅ የለም። እዚህ ለግሉ ዘርፍ በአገር ደረጃ የተቆረጠ የደመወዝ ወለል የለም። በአዋጅ ቁጥር 1156/2011 የደመወዝ ቦርድ እንደሚቋቋም ተደንግጓል፤ ወለሉ ግን እስካሁን አልወጣም። ደመወዝ አሠሪው ያለው፣ ሠራተኛው እሺ ያለው ነው። በዚያ ላይ በአዋጁ የደመወዝና የትርፍ ሰዓት ጥያቄ መቅረብ ያለበት በስድስት ወር ውስጥ ነው። ከዚህ አስተሳሰብ ጋር አውሮፕላን የተሳፈረ ሰው እዚያ ደርሶ ሕግ ይለያል ብሎ አለመጠርጠሩ አይፈረድበትም።

የወጥ ቤቱ ሰው (ዋሽንግተን ዲሲ)

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ጋሼ፣ የእርስዎንም ቃል በደንብ አንብቤዋለሁ። አልፈረምኩም።

ስለ ማስረጃ ግን ተቸገርኩ። ያለኝ አንድ የትምህርት ቤት ደብተር ነው። የገባሁበትንና የወጣሁበትን ሰዓት በየቀኑ እጽፍ ነበር፤ ነገር ግን በአማርኛ፣ በእኛ ሰዓትና በእኛ ቀን አቆጣጠር ነው። «መስከረም 14፣ 3 ሰዓት ገባሁ፣ 3 ሰዓት ተኩል ወጣሁ» ይላል። የምግብ ሰዓት አልጻፍኩም፣ ምክንያቱም እረፍት የሚባል አልነበረም፤ ድስቱን እያማሰልኩ በቁሜ ነበር የምበላው። ይህ ደብተር ዋጋ አለው? ሽማግሎቹ እንደገና ሲደውሉ የሚሉትን በስልኬ ብቀርጽስ?

የአርሊንግተኗ አስተርጓሚ

ደብተርህ ወርቅ ነው! በፍጹም እንዳትነካው፤ አትሰርዝ፣ አትጨምር፣ አዲስ ደብተር ላይ አሳምረህ አትገልብጠው። እያንዳንዱን ገጽ ፎቶ አንሣው። ከዚያ በሌላ ወረቀት ላይ ቀኑን ወደ ፈረንጅ አቆጣጠር፣ ሰዓቱን ደግሞ ወደ እነሱ ቀይር። ጠዋት 3 ሰዓት የሚለው 9 ሰዓት እንደሆነ፣ ማታ 3 ተኩል የሚለው 9 ተኩል እንደሆነ መጀመሪያው ገጽ ላይ አስረዳ። ይህ ካልተብራራ የተቃራኒው ጠበቃ «ከሌሊቱ 3 ሰዓት ሥራ ገባሁ ይላል» ብሎ ሊሳለቅበት ይችላል። የደብተርህ መስከረም 14 ሴፕቴምበር 24 መሆኑንም እንዲሁ።

አሠሪ የሰዓት መዝገብ መያዝ ግዴታው ነው። ካልያዘ ደግሞ የ1946ቱ የማውንት ክሌመንስ ሸክላ ፋብሪካ ውሳኔ ሠራተኛውን ይረዳዋል። ሠራተኛው በምክንያታዊ ግምት ምን ያህል እንደሠራ ካሳየ፣ ያንን የማፍረስ ሸክሙ ወደ አሠሪው ይዞራል። ደቂቃ በደቂቃ ማረጋገጥ አይጠበቅብህም። በቁምህ እየሠራህ የበላኸው ምሳም እረፍት አይባልም፤ እረፍት የሚሆነው ከሥራ ሙሉ በሙሉ ስትለቀቅ ነው።

ስለ መቅረጽ ግን ተጠንቀቅ። በዲሲና በቨርጂኒያ ከተነጋጋሪዎቹ አንዱ ከፈቀደ ይበቃል። በሜሪላንድ ግን ሁሉም መፍቀድ አለባቸው፤ ያለ ፈቃድ መቅረጽ ወንጀል ነው። ሽማግሎቹ ሜሪላንድ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ቤታቸው ሆነው የሚደውሉልህ ከሆነ አትቅረጽ። የተባለውን ከስልኩ በኋላ በደብተር ጻፍ፣ ወይም «በጽሑፍ ላኩልኝ» በላቸው።

ባለ ሜትሮ

አንድ ነገር ልጨምር። የምትሄደው በሜትሮ ከነበረና ስማርትሪፕ ካርድህ በስምህ የተመዘገበ ከሆነ፣ የት ጣቢያ ስንት ሰዓት እንደገባህና እንደወጣህ በኢንተርኔት መዝገቡ ላይ ይታያል። ሳይቆይ አውጥተህ አትመው። የእኔ የሥራ ባልደረባ ክስ የጸናው በዚህ ነው፤ ባለቤቱ «አምስት ሰዓት ብቻ ነበር የሚሠራው» ሲል የባቡሩ መዝገብ ጠዋትና ማታ ተቃረነው። በየሳምንቱ ከፖስታው ባንክ ያስገባኸው ካለም ደረሰኙ ይረዳል።

ያገር ሰው

የሠራበትን ገንዘብ ግብር ካልከፈለበትስ? እሱን ማንም አላነሣውም።

የአርሊንግተኗ አስተርጓሚ

ጥሩ ጥያቄ ነው። ያለፈው ግብር ለብቻው የሚስተካከል ጉዳይ ነው፤ በሂሳብ አዋቂ እርዳታ ዘግይቶም ቢሆን ማስታወቅ ይቻላል፣ ይሻላልም። ደመወዝ የመጠየቅ መብትን ግን አያስቀርም። ግብሩን ከምንጩ ቆርጦ መክፈል የነበረበት ደግሞ አሠሪው ነው። ወደፊት የሚከፈለው ውዝፍ ደመወዝም እንደ ማንኛውም ደመወዝ ግብር አለበት።

የወጥ ቤቱ ሰው (ዋሽንግተን ዲሲ)

ትናንት ለዲሲው የደመወዝና የሥራ ሰዓት ቢሮ አቤቱታዬን አስገባሁ። የአማርኛ አስተርጓሚ እንዲመደብልኝ ጠየቅሁ፣ እሺ ብለውኛል። ጠበቃም አነጋግሬያለሁ፤ ካሸነፍን ክፍያውን አሠሪው እንደሚሸፍን፣ ዲሲ ውስጥ ካሳው ካልተከፈለው ደመወዝ እስከ ሦስት እጥፍ ሊደርስ እንደሚችል አስረድቶኛል። ለሽማግሎቹም ደውዬ በአክብሮት ነገርኳቸው። አንደኛው ተቆጡ፤ ሌላኛው ዝም ብለው ሰሙኝና «ሂሳቡን ላክልኝ» አሉ።

አሁን ሌላ ጥያቄ መጣ። እዚያው ምግብ ቤት የሠሩ ሁለት ሰዎች መግባት ይፈልጋሉ። አንደኛዋ እስካሁን እዚያው እየሠራች ነው፣ እንዳትባረር ትፈራለች። ሌላው የለቀቀው በ2023 ነው። እኔ አቤቱታ ስላስገባሁ የእነሱም ተካቷል ማለት ነው?

የአርሊንግተኗ አስተርጓሚ

አልተካተተም። በፌዴራሉ ሕግ በጋራ ለመክሰስ እያንዳንዱ ሰው በጽሑፍ ፈርሞ መግባት አለበት፤ ለእሱ ጊዜው መቆጠሩን የሚያቆመው የእሱ ወረቀት ፍርድ ቤት የገባበት ቀን ነው። ለፌዴራሉ የሠራተኛ ጉዳይ መሥሪያ ቤት አቤት ማለት ብቻውንም የፍርድ ቤቱን ገደብ አያቆመውም። የ2023ቱ ወንድም እያንዳንዱ ሳምንት ለብቻው ስለሚቆጠር በዚህ ሳምንት ጠበቃ ጋ ይሂድ፣ ያንተን ውጤት አይጠብቅ።

እዚያው ለምትሠራዋ እህት ደግሞ እንዲህ በላት፦ በዲሲ ሕግ መብቷን ከጠየቀች በኋላ በ90 ቀን ውስጥ ብትባረር ወይም ሰዓቷ ቢቀነስ እንደ በቀል ይገመታል፤ አይደለም ብሎ በጠንካራ ማስረጃ ማሳየት የባለቤቱ ሸክም ነው። ግን ጥያቄዋ የተጻፈ ይሁን፣ ቀኑም ይታይ። በቃል ተናግራ ከሆነ ዛሬ ማታ ያንኑ በስልክ መልእክት ትላክለት፣ የተላከበትንም ገጽ ፎቶ ታንሣው።